በምላጭ የፋቅሁት ቃል

ከደምበጫ እስከ ቡሬ ባለው አገር፣ ከእጁ ስህተት ወጥቶ የማያውቅ ኮፒ ቤት ቢኖር የእኔ ብቻ ነው። ይህን የምለው ለመኩራራት አይደለም፤ መኩራራት ብፈልግ ኖሮ ከዓባይ ወዲህ ያለውን ሁሉ እጠቀልለው ነበር።

ዛሬ ጠዋት ግን አርባ ገጽ ያስገለበጠች አንዲት የመንግሥት ሠራተኛ ወረቀቷን ታቅፋ ተመለሰች። «ጋሼ፣ ይሄ ነጥብ ምንድን ነው?» አለችኝ። አየሁት። በየገጹ አናት ላይ እንደ ዝንብ የተቀመጠ ጥቁር ነጥብ። የትናንቱን አወጣሁ፤ ዝንቡ አለ። የከትናንት ወዲያውንም አወጣሁ፤ እዚያም አለ። አንዱ ደንበኛ ያልደረቀ ማኅተም ይዞ መጥቶ ኖሮ ቀለሙ መስታወቱ ላይ ቀርቷል። ማሽን ደግሞ ጠይቆ አያውቅም፤ ያየውን ያትማል። ይኸው ሦስት ቀን ሙሉ የከተማውን ሕዝብ ዝንብ ሳስታቅፈው ከርሜአለሁ።

ምላጭ አንስቼ መስታወቱን መፋቅ ጀመርኩ። ክር፣ ክር፣ ክር። በመሐል እጄ ቆመ። ያንን ድምፅ አውቀዋለሁ። ተነሥቼ በር ድረስ ሄድኩ፤ ተመለስኩ፤ ወንበሩ ላይ ተቀመጥኩ፤ ተነሣሁ። ሠራተኛዋ «አሞዎታል?» ብላ ጠየቀችኝ። አላመመኝም። አስራ አንደኛ ክፍል ተመልሼ ገብቼ ነው።

ስሙኝማ። በዚያን ዘመን እዚሁ ፍኖተ ሰላም ተማሪ ነበርኩ፤ እግሬም አንድ ቦታ አይረጋም። ክፍል ስቀመጥ ጉልበቴ ይርገበገባል፤ ዴስኩ ይርገበገባል፤ ከእኔ ሦስት ወንበር ርቆ የተቀመጠ ልጅ የጻፈው ሁሉ የዘጠና ዓመት ሽማግሌ ፊርማ ይመስላል። መምህራኑ ከክፍል ሲያስወጡኝ ቅጣት መሆኑ ቀርቶ ለጎረቤቶቼ ምሕረት ነበር። እኔም አጥር ዘልዬ መናኸሪያ እወርዳለሁ፤ የአዲስ አበባና የባሕር ዳር አውቶብስ ሲያልፍ ስቆጥር እውላለሁ። ፈተና ሲቃረብ ታዲያ ማስታወሻ የለኝም። ማስታወሻ ያላት ደግሞ የጸሐፊው ልጅ ናት።

ከቋሪት ነው የመጣችው። ከእኛ ቤት ጎን አንዲት ክፍል ተከራይታ ትማር ነበር። አባቷ ቁም ጸሐፊ ናቸው፤ ብራና ላይ መጽሐፍ በእጃቸው የሚገለብጡ። እሷም የሱቅ ደብተር ሲሞላ እንደ እኛ ወዲያ አትወረውረውም፤ አባቷ ብራና በሚጠርዙበት ጅማት ጀርባውን ትሰፋዋለች። ደብተሯን ወደ አፍንጫችሁ ስታስጠጉት የቆዳና የጥላሸት ቀለም ሽታ አለው። እኔ አስጠግቼ አውቃለሁ፤ እሷ ሳታየኝ።

አባቷ ቅዳሜ ቅዳሜ ስንቋን በበቅሎ ጭነው ይመጡ ነበር። ዓይናቸው መድከም ስለጀመረ የጻፉትን ጥራዝም ይዘው ይመጣሉ። እሷ ደጃፉ ላይ፣ ፀሐይ ውስጥ ተቀምጣ ከአሮጌው መጽሐፍ ጮክ ብላ ታነባለች። እሳቸው አዲሱን ጉልበታቸው ላይ ዘርግተው፣ ትንሽዬ ቢላዋ ይዘው ይከተላሉ። የሚለያይ ነገር ሲሰሙ «ቆይ» ይላሉ። ክር፣ ክር፣ ክር። ቃሉን ፍቀው፣ ነፍተው፣ በቀስታ ይተኩታል።

አንድ ቀን እንደ ልማዴ እዚያው ስንቆራጠጥ፣ «የኔታ፣ ሁለቱ ሲለያዩ ውሸታሙ የትኛው እንደሆነ በምን ያውቃሉ?» አልኳቸው።

«አሮጌው ተሰፍቷል» አሉኝ። «አዲሱ ገና ጥራዝ ለጥራዝ አልተያያዘም። የእኔ ቢላዋ ያልተሰፋውን ነው የሚነካው።»

«ከተሰፋ በኋላ ስህተት ቢገኝበትስ?»

«ያን ጊዜማ ስህተቱም መጽሐፍ ሆነ፣ ልጄ። የሚቀጥለው ጸሐፊ አክብሮ ይገለብጠዋል።»

ጆሮዬ እዚያ ነበር። ዓይኔ ግን ልጅቱ ላይ ስለነበር ነገሩ በአንዱ ገብቶ በሌላው ወጣ።

በዚያ ሰሞን የእኛ ትምህርት ቤትና የቡሬዎቹ የጥያቄና መልስ ውድድር ሊያደርጉ ተቀጣጠሩ። አሸናፊው ባሕር ዳር ሄዶ በማይክሮስኮፕ የሰው ሴል ያያል ተባለ። እኛን የምትወክለው የጸሐፊው ልጅ ናት። የባዮሎጂ መምህራችን በመማሪያ መጽሐፉ ላይ የሌለ ነገር ከራሱ የኮሌጅ ደብተር አውጥቶ ሰሌዳ ላይ ጻፈና ጊዜ አጥሮት ሳያብራራ ወጣ። ሴል ለሁለት ከመከፈሉ በፊት በውስጡ ያለውን ጽሑፍ ይገለብጣል ይላል። ሲገለብጥ ይሳሳታል። ከገለበጠ በኋላ ተመልሶ አሮጌውን ክር ከአዲሱ ያስተያያል፤ የተሳሳተውን ቆርጦ አውጥቶ በትክክለኛው ይተካል። ካላረመው ስህተቱ ከሴል ወደ ሴል ይወርዳል፤ ሲከማችም በሽታ ይሆናል።

ልጅቱ ይህን ለአባቷ ስትተረጉምላቸው ሰምቻለሁ። የኔታ ቢላዋቸውን አስቀመጡ። «እንግዲህ እግዜር በሰው ውስጥ ከጻፈ፣ ባሕር ዳር ስትሄጂ አደራ፣ የቀለሙን ዓይነት አይተሽ ንገሪኝ» አሏት። «እኔ ዓይኔ አልቋል፤ አንቺ እይልኝ።» እሷም በማግስቱ ውሃ ስትቀዳ፣ ደብተር ስትሰፋ፣ መንገድ ስትሄድ ሁሉ ከንፈሯ ይንቀሳቀስ ጀመር። ታጠናለች።

በዚህ መሐል ነው እኔ ደብተሯን የለመንኳት።

«የምሰጥህ በአንድ ነገር ነው» አለችኝ። «ገልብጠህ ስትጨርስ ትመጣለህ። አንተ ከእኔ ደብተር ጮክ ብለህ ታነባለህ፤ እኔ ያንተን በእርሳስ እከተላለሁ።»

«እንደ የኔታ?»

«እንደ አባዬ።»

«ቢላዋውስ?»

«ቢላዋው ለምላስህ ይሆናል» ብላ ሳቀች። ስትስቅ አንድ ጥርሷ ከሌላው ቀድሞ ይወጣ ነበር። እሱን ለማየት ስል የማልለው ቀልድ አልነበረም።

እሺ ብዬ ወሰድኩት። ገለበጥኩት። ለማንበብ ግን አልሄድኩም። ሥራ ያዘኝ፤ አጎቴ ዳጉሳ ሊያስወቃ ፈለገኝ፤ በዚያ ላይ ጉንፋን፣ ዝሆን የሚጥል ጉንፋን።

ሳልመልስላት ግን ሁለቱን ደብተሮች ጎን ለጎን አደረግኋቸው። ትምህርቱ በእንግሊዝኛ ነው። አንድ ቦታ ላይ አይመሳሰሉም። የእሷ፣ ስህተት ሲገኝ የሚጠገነው አዲሱ ክር ነው ይላል። የእኔ አሮጌው ክር ነው ይላል። በእንግሊዝኛ ሁለቱም ቃላት ሦስት ሦስት ፊደል ናቸው። ስገለብጥ ዓይኔ ከአንዱ መስመር ወደ ሌላው ዘሎ ኖሮ ነው፤ ይህ እንግዲህ ዛሬ የገባኝ ነው። በዚያን ዕለት የገባኝ ሌላ ነው። አሰብኩ፤ አዲስ ነገር ምን ይጠገናል? ጣሪያ በሉት፣ በርኖስ በሉት፣ የሚጠገን ያረጀ ነው። አዲስ ጫማ ይዞ ጫማ ሰፊ ዘንድ የሚሄድ ሰው በሕይወቴ አላየሁም። ደግሞ የእኔ ደብተር ዛሬ የተጻፈ ነው፣ ንጹሕ ነው። የእሷ ጠርዙ ተጠቅልሏል፣ አርጅቷል። ስለዚህ መታረም ያለበት የእሷው ነው።

አያችሁ? በአንድ ራስ ሁለት ጊዜ ተሳሳትኩ።

ታላቅ ወንድሜ ጢሙን የሚላጭበትን ምላጭ አመጣሁ። በመስኮቱ በኩል የረፋድ ፀሐይ ይገባል። ክር፣ ክር፣ ክር። ሦስቱን ፊደል ፍቄ፣ ነፍቼ፣ የእሷን እጅ አስመስዬ ሦስት ጻፍኩበት። እንዲህ ያለ ውለታ ለማንም ውዬ አላውቅም ብዬ ደረቴን ነፋሁ። ደብተሩን ለአከራይዋ ሰጥቼ ሮጥኩ።

ቆይ አንዴ፣ በሩን ልክፈተው። አየሩ ይታፈናል እዚህ ቤት።

የውድድሩ ዕለት ጠዋት በአሮጌ አውቶብስ ወደ ቡሬ ሄድን። እሷ ከፊቴ ወንበር ላይ ናት። ማንኩሳን ስናልፍ ደብተሯን አወጣችና ለመጨረሻ ጊዜ ማገላበጥ ጀመረች። እዚያች ገጽ ላይ ስትደርስ ከንፈሯ ቆመ። ተመልሳ አነበበች። ወደ መስኮቱ ዞረች፤ እንደገና አነበበች። እኔ ከኋላ ሆኜ ውለታዬ ገባት ብዬ ፈገግ እላለሁ። ቡሬ ስንደርስ በየደጃፉ በርበሬ ፀሐይ ላይ ተሰጥቶ ኖሮ አውቶብሱ ሙሉ በአንድ ድምፅ አነጠሰ። ሾፌሩ፣ ረዳቱ፣ መምህራችን፤ ሞተሩም ያነጠሰ ይመስለኛል። እሷ ብቻ አላነጠሰችም። ደብተሯን ከድና ዓይኗን ጨፍናለች።

አዳራሹ ጢም ብሏል። የእሷና የቡሬው ልጅ ነጥብ እኩል ሆነና አንድ ጥያቄ ቀረ። ከአንድ ሺህ ጥያቄ መካከል፣ እመኑኝ፣ ያችው መጣች፤ ሴል ከገለበጠ በኋላ ስህተት ሲያገኝ የሚያርመው የትኛውን ክር ነው? መምህራችን ጥያቄውን ሲሰማ እጁን አፋተገ።

እሷ ተነሣች። «አ…» ብላ ጀመረች። የቆርቆሮው ጣሪያ በፀሐይ ሲንቋቋ ይሰማ ነበር። «አሮጌውን» አለች።

«ልክ ናት! እሰይ!» ብዬ ወንበር ላይ ወጣሁ። ብቻዬን አጨበጨብኩ፤ ለሁለት ሰው ያህል።

ጠያቂው፣ «አይደለም» አለ።

የቡሬው ልጅ ተነሥቶ «አዲሱን» አለ። እልልታው አዳራሹን አነሣው። መምህራችን ጫማውን ያይ ነበር።

ስንመለስ ፀሐይዋ ዝቅ ብላ አውቶብሱ ውስጥ በአግድም ትገባለች። መጥታ አጠገቤ ተቀመጠች። ደብተሩን ከፍታ አውራ ጣቷን ገጹ ላይ በቀስታ አሳለፈች፤ አባቷ ብራና ሲዳስሱ እንደሚያደርጉት። ከዚያ ያንን ወረቀት ብቻ ነጥላ ለፀሐይዋ አነሣችው። ሦስቱ ፊደሎች ያሉበት ቦታ ሳስቶ ብርሃን ያሳልፋል።

«ይሄ ተፍቋል» አለች።

«አይጥ ይሆናል እኮ… አከራይሽ ቤት አይጥ…»

«አይጥ በልቶ ፊደል አይጽፍም።»

ጉልበቴ መርገብገቡን አቆመ። ከተወለድኩ ጀምሮ ለመጀመሪያ ጊዜ።

«ልቤ አዲሱ ነው ይለኝ ነበር» አለች፤ ለራሷ እንደምትናገር። «ልክ እንደ አባዬ ጥራዝ። ጠዋት ደብተሬን አየሁና ልቤን ጠረጠርኩት። ደብተሬ ተሰፍቷላ።» ከዚያ ወደ እኔ ዞረች። «ቆይ፣ ለምን መጥተህ አላነበብክም?»

አጎቴንና ዳጉሳውን ነገርኳት። ጉንፋኑን ጨመርኩበት። አልሳቀችም።

በቀጣዩ ቅዳሜ የኔታ መጡ። በቅሎዋን ሳያራግፉ፣ «አየሽው?» አሉ።

«አላየሁም፣ አባዬ። ሌላ ልጅ አየ።»

«ምን አየሁ አለ?»

«የሽንኩርት ልጣጭ።»

እውነቷን ነው፤ የቡሬው ልጅ ባሕር ዳር ደርሶ ያሳዩት የሽንኩርት ልጣጭ ነበር። ኋላ እንደተረዳሁት፣ በዚያ ዓይነት መሣሪያ ጽሑፉ አይታይም። የኔታ ግን ትከሻቸው እስኪነቃነቅ ሳቁ። «እንግዲያውስ ብራናውን ነው እንጂ ያሳዩት፣ ጽሑፉን አላሳዩትም» አሉ። ከዚያ ሳቁን ትተው ቀስ ብለው ጠየቁ፤ «አንቺ ምን ብለሽ ነው የሳትሽው?»

እኔ አጥሩ ጋ ቆሜአለሁ። አየችኝ። «ተሳስቼ ነው፣ አባዬ» አለች። የእኔን ስም ሳትጠራ።

ዓመቱ ሲያልቅ ወደ ቋሪት ሄደች። በዓመቱ የየኔታ ዓይን ጨርሶ ጠፋ አሉ። እሷ ኋላ ደምበጫ አስተማሪ ሆናለች ሲሉ ሰማሁ። ስንት ጊዜ በደምበጫ አልፌአለሁ! አውቶብሱ ሲቆም ወርጄ እንቆራጠጣለሁ፤ ጥሩንባ ሲነፋ ተመልሼ እሳፈራለሁ።

ስትሄድ ደብተሩን ለአከራይዋ ሰጥታ «ለእሱ ይስጡልኝ» ብላ ነበር። ያችን ገጽ ዳግመኛ አልፋቀቻትም። የእኔን ሦስት ፊደል እንዳለ ትታ፣ ኅዳጉ ላይ በእርሳስ ትክክለኛውን ቃል ጽፋለች።

ዛሬ መስታወቱን ፍቄ ስጨርስ ከመሳቢያው አወጣሁት። የቆዳው ሽታ የለም፤ ጅማቱ ግን እንደጠበቀ ነው። ሠራተኛዋ አርባ ገጿን እንደ አዲስ እስካወጣላት ቆማ ትጠብቃለች፤ እኔ ደግሞ ደብተር ይዤ በአውራ ጣቴ እዳስሳለሁ። ጮክ ብዬም አነበብኩት፤ አንድ ገጽ፣ ሳልደናቀፍ። ሠራተኛዋ የምጸልይ መስሏት ራሷን ዝቅ አደረገች።

ለምን መጥተህ አላነበብክም ብላኝ ነበር። አጎቴ በዚያ ዓመት ዳጉሳ አልዘራም። ጉንፋንም አልያዘኝም። ማንበብ አልችልም ነበር። አስራ አንደኛ ክፍል ደርሼ እንግሊዝኛ ማንበብ አልችልም ነበር፤ ደብተር የምገለብጠው ፊደሉን እንደ ሥዕል እየሳልኩ ነው። ከዚያ ገጽ ላይ የማውቃቸው ቃላት ሦስት ብቻ ነበሩ፤ አሮጌ፣ አዲስና መጠገን። እሷ ፊት ከምንተባተብ የእሷን ደብተር መፋቅ ቀለለኝ።