ቀማሽ ያጣው የአጃ ጋቶ

ትርሲት ውሸት አይሆንላትም። ልሞክር ብትል እንኳ ጆሮዋ ቲማቲም መስሎ ያጋልጣታል። ያም ሆኖ ጅቡቲ በኖረችባቸው ስድስት ዓመታት ውስጥ አንድ ደህና ውሸት ዋሽታለች፤ እሱም ስለ ምድጃ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከአራት ወር በፊት ሄሮን ሰፈር፣ ከባሕሩ ትንሽ ገባ ብሎ ያለ አንድ ቤት ልትቀጠር ሄደች። የቤቱ እመቤት ሩቅያ ድሬዳዋ ተወልዳ ያደገች፣ ጅቡቲ አግብታ የቀረች፣ ባሏ በመርከብ ሥራ ለወራት የሚርቅባት፣ ፕላቶ ዱ ሰርፓን ሰፈር ካሉት መሥሪያ ቤቶች በአንዱ የምትሠራ ቀልጣፋ ሴት ናት። የድሬ ልጅ አይደለች፣ ዙሪያ ጥምጥም አታውቅም። ገና ትርሲት ወንበሩ ላይ ሳትደላደል ጥያቄውን አዥጎደጎደችው።

"ልብስ ማጠብ?"

"አዎ፣ እትዬ።"

"ሩዝ በሥጋ?"

"አዎ።"

"ፉርስ ታውቂያለሽ?"

ፉር የሚሉት ኦቭኑን ነው። ትርሲት ኦቭን አሳምራ ታውቃለች፤ በየሰው ቤት ስትፈትገውና ስትወለውለው ነው የኖረችው። ለኩሳው አንድ ነገር ጋግራበት ግን አታውቅም። "አላውቅም" ልትል አፏን ስትከፍት ዓይኗ ከሩቅያ ትከሻ በላይ አለፈና የሠራተኛዋን ክፍል አየ። በር አለው። በሩ ቁልፍ አለው። መስኮት አለው፣ በመስኮቱ የባሕር ነፋስ ይገባል። የበፊት አሠሪዎቿ ቤት ሦስት ዓመት ሙሉ ኩሽና ወለል ላይ ነበር የምትተኛው፤ ውሃ ሊጠጣ የተነሣ ሁሉ እግሯን እየረገጠ ነበር የሚያልፈው። እና "አዎ፣ አውቃለሁ" አለች። ጆሮዋ ቀላ። ደግነቱ ሻሽ አስራለች።

"ጥሩ" አለች ሩቅያ። "አንድ ነገር ልንገርሽ። ስበሪ፣ አቃጥዪ፣ ግድ የለኝም፤ ሰው ነሽ። የምትዋሸኝን ግን አንድ ቀን አላሳድርም። ከአንቺ በፊት የነበረችው በዚሁ ነው የሄደችው።"

በሉ እንግዲህ! ውሸትና ስንቅ እያደር ይቀላል ይባላል፤ የትርሲት ግን እያደር ከበዳት። በዚያ ኦቭን አጠገብ ባለፈች ቁጥር ሰላምታ እንደከለከለችው ጎረቤት ፊቷን ታዞርበታለች። አራት ወር ሙሉ ማንም ጋግሪበት ሳይላት ቆየ። እሷም እግዜር ረስቶልኛል ብላ ነበር።

ዘንድሮ ሁዳዴና ረመዳን በሁለት ቀን ልዩነት ተከታትለው ገቡ። ቤቱ ውስጥ እህል የሚቀምስ ጠፋ። ሩቅያ ጀንበር እስክትገባ ውሃ እንኳ አትቀምስ፤ ትርሲት እስከ ዘጠኝ ሰዓት ትቆይና ከዚያም በኋላ ሥጋም ወተትም ቅቤም እርሟ ነው። ሁለቱም ከንፈራቸው ደርቆ ኩሽና ውስጥ ሲተላለፉ አንዳንዴ ይሳሳቃሉ። እውነቱን ለመናገር፣ ትርሲት ይቺን ሴት ወዳታለች። ውሸቱንም ያከበደው ይኸው ነበር።

አንድ ሐሙስ ጠዋት ሩቅያ ወደ ሥራ ልትወጣ ስትል ጠረጴዛው ላይ አራት ነገር ደረደረች፤ አንድ ካርቶን አጃ፣ አንድ ከረጢት ተምር፣ ማርና ቅቤ።

"ዛሬ ሐጃ ማይሙና ለኢፍጣር ትመጣለች" አለች። ሐጃ ማይሙና የባሏ እናት ናቸው። "የአጃ ጋቶ ይሠራላት። ባለፈው በልታ በጣም ነው የወደደችው።" ጋቶ የሚሉት ኬኩን ነው።

"እንዴት ያለ ይሁን፣ እትዬ?" አለች ትርሲት ድምፅዋን እንደምንም አረጋግታ።

"እንደሚሠራው ነዋ! ፉር አውቃለሁ አላልሽም? አራት ነገር ነው፤ አራት ነገር ምን ይከብዳል?" አለችና ሩቅያ ዓይኗን ሰበር አድርጋ ቦርሳዋን አነሣች። ትርሲት የዓይኗን መስበር ልብ አላለችውም። እሷ የሰማችው የፈተና ደወል ነው። በሩ ሲዘጋ ልቧ ድቤ መምታት ጀመረ።

አጃ እሷ የምታውቀው አጥሚት ሆኖ ለአራስ ሲሰጥ ነው። ይኼኛው ደግሞ ተዳምጦ ጠፍጣፋ ሆኗል። ካርቶኑን ብታገላብጠው ሁሉም በፈረንሳይኛ ነው። ቶሎ ብላ ጓደኛዋ ዘቢባ ጋ ደወለች፤ ዘቢባ ፕላቶ ዱ ሰርፓን ፈረንጅ ቤት የምትሠራ፣ እጀ ወርቅ ናት።

"አንቺ ዕብድ! ፉር አውቃለሁ ብለሽ ነው የገባሽው?" ብላ ሳቀች ዘቢባ። "በይ ስሚ። ተምሩን ፍሬውን አውጪና በፈላ ውሃ ዘፍዝፈሽ አላቁጪው። ቅቤና ማሩን አብረሽ አቅልጪ። አጃውን ጨምረሽ አሽሺው። ትሪው ላይ ወረቀት አንጥፊና በደንብ ተጭነሽ ጠቅጥቂው። ጠርዙ ቡኒ ሲል አውጪ። ካወጣሽው በኋላ ደግሞ… ውይ፣ ማዳም መጣች፣ ቻው!"

ካወጣሁት በኋላ ምን? ደግማ ብትደውል አይነሣም። መቼስ ካወጡት በኋላ ቆርጦ ማቅረብ እንጂ ሌላ ምን ይኖራል ብላ ሥራዋን ጀመረች።

ቅቤው ላይ ስትደርስ እጇ ቆመ። ማን ይቀምሰዋል? አንድ ነገር ተበላሽቶ ቢሆን ማን ያውቃል? ወጥ ሲሆን ሽታው ይናገራል፣ መልኩ ይናገራል። ይሄ ግን አራት ነገር ብቻ ነው፤ አንዱ ካበላሸ መደበቂያ የለውም። ቤቱ ውስጥ ያሉት ምላሶች ሁለት ናቸው፤ አንዱ እስከ መግሪብ ታስሯል፣ ሌላው ከቅቤ እስከ ፋሲካ። ሳልቀምሰው የባሏ እናት ፊት ሊቀርብ? ኧረ በሥላሴ! አሰበች፣ አሰበችና ቅቤውን መልሳ ማቀዝቀዣ ከተተችው። የምግብ ዘይቱን አወረደች። በዘይት ከሆነ የጾም ነው፤ የጾም ከሆነ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ራሷ ትቀምሰዋለች። እንዲህ ያለ ዘዴ በመዘየዷ ትንሽ ኮራ አለች እንኳ።

የኦቭኑ ቁጥሮች ተፋቀዋል። ከታች ቢሆን አይበስል፣ ከላይ ቢሆን ያር ብላ ማዞሪያውን መሃል ላይ አቆመችው። ከዚያ በርጩማ ስባ መስታወቱ ፊት ተቀመጠች። እንደዚያ ቀን ኦቭን ትክ ብሎ ያየ ሰው ጅቡቲ ውስጥ ያለ አይመስለኝም። ቀስ በቀስ የተምርና የማር ሽታ ኩሽናውን ሞላው። በባዶ ሆድ ያን ሽታ መቻል ራሱ አንድ ስግደት ነው። ጠርዙ ቡኒ ሲል አወጣችው። መልኩ ያምራል! "እሰይ፣ እመቤቴ!" አለች ጮክ ብላ።

ወዲያው ዘጠኝ ሰዓት ሆነ። በስመ አብ ብላ አማተበችና ቢላዋውን አነሣች። አንድ ጊዜ ቆረጠች፤ ተፈረፈረ። በሌላ ጎን ሞከረች፤ ይባስ ተፈረፈረ። አንዱን ጥግ ላነሣ ብትል እጇ ላይ ተበተነ። ያ ሁሉ ያማረ ነገር በአንድ አፍታ የዶሮ ጥሬ መሰለ። ከፍርፋሪው ቆንጥራ ቀመሰች። ይጣፍጣል፤ ጨው ብቻ ትንሽ ይጎድለዋል። ግን ፍርፋሪ በማንኪያ ተዝቆ ለሐጃ ማይሙና ይቀርባል? እንባዋ መጣ።

"ምንድነው?" አለ ከኋላዋ ድምፅ። ሩቅያ ረመዳን ስለሆነ በጊዜ ከሥራ ተመልሳ ተኝታ ነበር፤ ሽታው ቀስቅሷት መጥታ በሩ ላይ ቆማለች። ትሪውን አየች። ትርሲትን አየች።

አሁን ትርሲት "ኦቭኑ ተበላሽቶ ነው" ማለት ትችል ነበር። "አጃው መጥፎ ነው" ማለትም ትችል ነበር። ግን ሁለተኛ ውሸት የምትሸከምበት ጉልበት አልነበራትም፤ ደክሟታል።

"እትዬ፣ ፉር አላውቅም" አለች። "ያን ቀን ዋሽቼዎታለሁ። ጋግሬም አላውቅ። ቅቤውንም ትቼ በዘይት ነው የሠራሁት፣ መቅመስ እንድችል ብዬ። ክፍሉን ስላየሁ ነው የዋሸሁት። ልብሴን እሰበስባለሁ።"

ሩቅያ በርጩማውን ሳብ አድርጋ ተቀመጠችና ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች። ትከሻዋ ተንቀጠቀጠ። ትርሲት ክው አለች፤ አስለቀስኳት ብላ። ሩቅያ ግን እጇን ስታነሣ በሳቅ ፍርስ ብላለች።

"ወላሂ እኔም አላውቅም!" አለች። "ፉሩን ከገዛነው ጀምሮ ለኩሼው አላውቅም። ባለፈው ለሐጃ የወሰድኩላት ከዳቦ ቤት የገዛሁት ነበር። 'እጅሽ ይባረክ' ስትለኝ ዝም አልኩ። አሁን ዳቦ ቤቱ ለረመዳን ተዘግቷል። አንቺ ታወጪኛለሽ ብዬ እኮ ነው!"

"እርስዎ? ውሸት አልወድም ያሉት?"

"አልወድም። የሰው ውሸት" አለችና እንደገና ሳቀች። ሳቋ ሲበርድ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። "ልብስሽን የትም አትሰበስቢም። ነይ፣ መግሪብ ሳይደርስ ይቺን ነገር እናድናት።"

ትርሲት ያን ጊዜ የተሰማትን እኔ መግለጽ አልችልም። አራት ወር ደረቷ ላይ ተቀምጦ የኖረ ድንጋይ ተነሣ። እፎይ አለች፤ ትንፋሽዋ አላልቅ አላት።

ወዲያው ዘቢባ መልሳ ደወለች። ሩቅያ ራሷ ስልኩን አነሣች። "በትኩሱ እንዳትቆርጪው!" ብላ ጮኸች ዘቢባ ትርሲት መስላት። "ድፎ ዳቦ እንኳ በትኩሱ አይቆረጥም! ሳይቀዘቅዝ አትንኪው ልልሽ ስል ነው የተቋረጠው። ከተፈረፈረ የዚያች ሴትዮሽን ዓይን ማየት ነው!"

"ሴትዮዋ ነኝ" አለች ሩቅያ። ስልኩ ወዲያው ተዘጋ።

ሁለቱ ጾመኞች እጃቸውን ታጠቡ። የቀረውን ተምር አላቁጠው ፍርፋሪው ላይ ጨመሩ፤ ሩቅያ ታሻለች፣ ትርሲት ትቀምሳለች። "ጨው?" "ቁንጥር።" "አሁንስ?" "ልክ ነው፣ እትዬ።" መልሰው ትሪው ላይ ጠቀጠቁት፤ ለጥቂት ደቂቃ ኦቭን አስገቡት፤ ሙቀቱ ሲወጣለት ማቀዝቀዣ ውስጥ አኖሩት። ከዚያ በኋላ መጠበቅ ብቻ ነው የቀረው። ጠበቁ።

ሐጃ ማይሙና ካርቲየ 7 ቢስ ከሚባለው ሰፈር በታክሲ መጡ። በወጣትነታቸው በባቡር ድሬዳዋ እየተመላለሱ ጨርቅ የነገዱ፣ አማርኛን ከገበያ የለመዱ፣ የሚያዩት የማያመልጣቸው አሮጊት ናቸው። አዛን ተሰማ፤ በተምርና በውሃ ጾማቸውን ፈቱ፤ ሰገዱ። ሾርባው ተጠጣ፣ ሳምቡሳው ተበላ። ከዚያ ትርሲት ትሪውን አቀረበችና ቢላዋውን አሳረፈችበት። ቢላዋው ጠልቆ ገባ፤ ቁራጩ ቀጥ ብሎ ተነሣ። ሩቅያ በረጅሙ ተነፈሰች።

ሐጃ ማይሙና ገመጡ። ቀስ ብለው አላመጡ።

"ይሄ የባለፈው አይደለም" አሉ።

ጉድ ፈላ። የሩቅያ ፊት ዐመድ መሰለ።

"የባለፈው የሱቅ ነበር" ቀጠሉ አሮጊቷ። "አራት ማዕዘኑ በማስመሪያ የተሰመረ። የሰው እጅ እንደዚያ አይቆርጥም። ምራቴ አታፍር ብዬ ነው 'እጅሽ ይባረክ' ያልኩት። ይሄ ግን የቤት ነው። ማን ሠራው?"

"ትርሲት ናት" አለች ሩቅያ ቶሎ ብላ። "እኔ አሸሁ እንጂ እሷ ናት።"

ሐጃ ወደ ትርሲት ዞሩ። "እና አንቺ ቆመሽ ታዪናለሽ? ጾምሽን አውቃለሁ፤ ቅቤ አለበት አይደል?"

"የለበትም፣ ሐጃ። በዘይት ነው።"

"በዘይት ከሆነ ምን ያቆምሻል? ተቀመጪ!"

በዚያ ቤት አራት ወር ስትሠራ ሦስቱ አንድ ትሪ ከበው ሲበሉ የመጀመሪያቸው ነበር። ሁለት ጾም፣ አንድ ትሪ። ትርሲት ቁራጯን በሁለት እጇ ይዛ ስትገምጥ አሮጊቷ በስስት ዓይን አዩዋት።

"ፉር ጎበዝ ነሽ ማለት ነው። ከልጅነትሽ ነው የምታውቂው?" አሏት።

ትርሲት ሩቅያን አየች። ሩቅያ ከንፈሯን ነክሳ ሳቋን ይዛለች። የትርሲት ሻሽ ወደ ኋላ ሸርተት ብሎ ጆሮዋ ወጥቷል፤ ግድ አልሰጣትም።

"ኧረ አላውቅም፣ ሐጃ" አለች። "ዛሬ ነው የጀመርኩት።"