ፊቷን የሸፈንንበት ፖስተር

«ይቺማ የእኔ ልጅ ናት» አሉ እናቷ፣ ፖስተሩን በር ላይ ከእጄ ወስደው።

ደነገጥሁ። ከደብረ ታቦር ወደ ገሳይ ከተማ የሄድሁት ልጅቷን ፍለጋ ነበር። ዓረብ አገር የደረሰባትን ስለ ስደት አደጋ ለምናደርገው ቅስቀሳ ነግራናለች፤ ፖስተሩ በብዛት ሳይታተም ራሷ እንድታየው ብዬ ነው። የለመነችን አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እናቷ እንዳይሰሙ። ለእሳቸው «አገሬ ናፈቀኝና መጣሁ» ብላቸዋለች። ስለዚህ ፊቷን በኮምፒውተር አደበዘዝነው። ቢሮ ውስጥ «አሁንማ የወለደቻትም አታውቃት» ተባብለን ነበር።

«ፊቷ እኮ አይታይም፣ እማማ» አልሁ።

«እጇን ትታችሁታል፣ ልጄ። ጭንቅ ሲይዛት የነጠላዋን ጫፍ ጣቷ ላይ ትጠመጥማለች። ሕፃን ሆና የእኔን ቀሚስ ነበር እንዲህ የምታደርገው።»

ከፎቶው ሥር ያለውን ጽሑፍ በጣታቸው ነኩት። «ይኼ የደረሰባትን ነው የሚለው?»

ፖስተሩን ልቀበላቸው እጄን ዘረጋሁ።

«አታንብብልኝ። ራሷ የነገረችኝ ቀን እሰማዋለሁ።» ፖስተሩን አጥፈው መለሱልኝ። «እጇንም ሸፍኑላት።»

ከጓሮ የልጅቷ ድምፅ መጣ። «እማዬ፣ ማን ነው?»

«መንገድ የጠፋው እንግዳ ነው» አሉና በሩን ቀስ አድርገው ዘጉት።