ዳቦ የሚቀልበው ሰውዬ

ወንድሜ ከሰሜን ግንባር ቆስሎ ሲመለስ እኔ ደብረ ብርሃን አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አስተምር ነበር። ጥይቱ ያገኘው ዳሌው ላይ ነው። ሆስፒታል ከርሞ ሲያበቃ፣ ቤትህ ሄደህ አገግም ተብሎ አንኮበር፣ ጎረቤላ እናታችን ዘንድ ገባ። ሐኪሞቹ አጥንቱ ገጥሟል፣ በምርኩዝ ቀስ እያለ መሄድ ይችላል ብለው ነበር። እሱ ግን ከአልጋው አልወርድ አለ። አለመነሳቱን እንኳ ለጊዜው በሕመሙ አሳበብን፤ ያስጨነቀን ዝምታው ነው። ስንጠይቀው "እህ" ወይም "ይሁን" ብሎ ይመልሳል። ምግብ ሲቀርብለት ትንሽ ቀማምሶ ፊቱን ወደ ግድግዳው ያዞራል።

ይህ ሰው ከመዝመቱ በፊት ዝም ማለት የማያውቅ ነበር። ደብረ ብርሃን ብርድ ልብስ ፋብሪካ ሲሠራ፣ ከሥራ እንደወጣ በቀጥታ የሚሄደው ጆተኒ ወደሚያጫውቱበት ቤት ነው። ሲያሸንፍ ጩኸቱ መንገድ ተሻግሮ ይሰማል። ሲሸነፍ ደግሞ ጠረጴዛው ተንጋዷል፣ ኳሷ ሞላላ ናት፣ በረኛው ዘይት ተቀብቷል እያለ ሲከራከር ይመሽበታል። አሁን ያንን ሰው አልጋ ላይ ተኝቶ የጣሪያውን ቆርቆሮ ሲመለከት ሲውል ማየት አልቻልኩም። 

አንድ ቀን በእረፍት ሰዓት ይህን ለሥራ ባልደረባዬ ነገርኳት። ባሏ ምሥራቅ አውሮፓ ተምሮ የመጣ ነው። አዳመጠችኝና በማግስቱ በመሐረብ የተጠቀለለ ነገር ይዛልኝ መጣች። ስፈታው መዳፍ የምታክል፣ ጠፍጣፋ፣ መሐሏ መስታወት ያለው መሣሪያ ናት። ከመስታወቱ ግራና ቀኝ ቁልፎች አሏት።

"ጨዋታ ናት" አለችኝ። "ባለቤቴ ለልጆቹ ያመጣላቸው ናት። ባትሪዋ ካለቀ ወዲህ ማንም አልነካትም። የሸሚዝ ቁልፍ የሚያክል ባትሪ ነው የምትፈልገው፤ አዲስ አበባም አፈላልገን አጣን። ማሠራት ከቻልሽ ለወንድምሽ ትሁን።"

ስትሠራ ምን እንደምትመስል በእጇ እያሳየች አስረዳችኝ። ነጭ ቆብ ያጠለቀ ዳቦ ጋጋሪ መሐል ላይ ይቆማል። ከአራቱም ማዕዘን ዳቦ እየተንከባለለ ይመጣበታል። ቁልፎቹን እየተጫኑ ሰውዬውን ወዲያና ወዲህ ማዘዋወርና ዳቦው መሬት ሳይነካ በቅርጫቱ ማስቀለብ ነው። ዛሬ ልጆች በአንዲት የእጅ መጫወቻ ውስጥ የድሮ ጨዋታዎችን ሁሉ ሰብስበው ሲጭኑ አያለሁ። ያኔ አንዷ መሣሪያ የምታውቀው አንድ ጨዋታ ብቻ ነበር፤ እሱም ለእኛ ጉድ ነበር።

ደብረ ብርሃን ውስጥ ሬዲዮ የሚጠግን ሰው አውቃለሁ፤ የወንድሜ የጆተኒ ባላጋራ ነው። ወስጄ ሰጠሁት። አገላብጦ አያትና የጀርባ ክዳኗን በቢላ ጫፍ ከፈተው።

"ይሄን የሚያክል ባትሪ እዚህ አገር የለም" አለኝ።

"እንግዲያው አትሠራም ማለት ነው?"

"ውስጧ የሚገባ ባትሪ የለም አልኩሽ እንጂ አትሠራም መች ወጣኝ? ጉልበቱ እኮ ያው ነው። ተራ ባትሪ ድንጋይ ከውጭ እናስርላታለን። ለመሆኑ ማን ሊጫወትባት ነው?"

ነገርኩት። የወንድሜን መመለስ አልሰማም ነበር። ቢላውን አስቀመጠ።

"ያ ሰውዬ አንድም ቀን በሰላም ተሸንፎልኝ አያውቅም" አለ። "ቅዳሜ ጠዋት ነይ።"

ቅዳሜ ስደርስ መሣሪያዋ ሌላ መልክ ይዛ ጠበቀችኝ። ከጀርባዋ ቀይና ጥቁር ሽቦ ወጥቶ ከጣውላ ወደ ተሠራች ትንሽ ሳጥን ገብቷል። ድንጋዮቹ ያሉት ሳጥኗ ውስጥ ነው። የቀኙ ቁልፍ ሥር ያለው ጎማ ስላለቀ ከብስክሌት ካላማዳሪያ ቆርጦ ተክቶለታል። እያየሁት አበራት። ምንም የለም። ድንጋዮቹን አውጥቶ በሸሚዙ ጠርዝ ጠረጋቸውና መለሳቸው። አሁንም ምንም የለም።

"አቃጥዬያት እንዳይሆን" አለ፤ ግንባሩ ላይ ላብ አየሁ። ክዳኗን እንደገና ከፈተ፤ አንደኛውን ሽቦ በጋለ ብረት ነክቶ አላቀቀና ቦታውን አስተካክሎ አጣበቀው። ወዲያው መስታወቱ ላይ ያለው ሥዕል ሁሉ በአንድ ጊዜ ጥቁር ሆኖ ታየና ጠፋ። ከዚያ "ጢጥ!" አለች። ባለ ቆቡ ሰውዬ ቅርጫቱን ይዞ መሐል ላይ ቆመ። ሁለታችንም እኩል ተነፈስን።

መሣሪያዋን በነጠላ ጠቅልዬ ዘንቢል ውስጥ ከታች አደረግኋት። በላይዋ ለእናቴ የያዝኩትን ስኳርና ሳሙና ደርቤ ወደ አንኮበር የምትሄደው ላንድሮቨር ላይ ተሳፈርኩ። አጠገቤ ገብስ ሸምተው ወደ አልዩ አምባ የሚመለሱ አንድ ሽማግሌ ነጋዴ ተቀምጠዋል። ከከተማው ወጣ እንዳልን ኬላ አለ። በዚያን ዘመን መፈተሽ ብርቅ አይደለም፤ ሁላችንም ሳንጠየቅ ወርደን ተሰለፍን። ወታደሩ የሽማግሌውን ጆንያ ዳበስ ዳበስ አድርጎ ወደ እኔ ዘንቢል ዞረ። ስኳሩን አወጣ፤ ሳሙናውን አወጣ፤ ነጠላውን ገለጥ አደረገ። ሽቦውን ሲያይ እጁ እሳት እንደነካው ተስፈንጥሮ ወጣ።

"ወደ ኋላ! ሁላችሁም ወደ ኋላ!"

እኔ ያኔ ነው ስለ ሽቦ ያሰብኩት። ቀይና ጥቁር ሽቦ፣ ሳጥን፣ መስታወት። በሐሳቤ የነበረው ወንድሜ ብቻ ነው፤ ለሌላ ሰው ምን እንደምትመስል አልታየኝም።

የኬላው ኃላፊ አንድ መቶ አለቃ ነው። ክፍሉ ውስጥ አስገቡኝና መሣሪያዋን ጠረጴዛው ላይ፣ ከእኔ ራቅ አድርገው አስቀመጧት።

"ይሄ ምንድን ነው?" አለኝ።

"ጨዋታ ነው።"

"ከአንቺ ጋር የምጫወት መሰለሽ? ምንድን ነው ነው ያልኩሽ!"

"እውነቴን ነው፣ ጓድ መቶ አለቃ። መጫወቻ ናት። ስትበራ አንድ ሰውዬ ዳቦ ሲቀልብ ታሳያለች።"

በር ላይ የቆመው ወታደር ሊስቅ ብሎ ዋጠው። መቶ አለቃው አልሳቀም።

"መገናኛ ሬዲዮ አይቼ አላውቅም? ከማን ጋር ነው የምትገናኚበት?"

"ከማንም። ላብራትና ይዩት።"

ቆም ብሎ አሰበና በአገጩ ፈቀደልኝ። አበራኋት። መስታወቱ ባዶ ነው። ደግሜ ተጫንኩት፤ ባዶ።  ጠዋት ስትጮህ የሰማኋት መሣሪያ አሁን፣ ነፍሴ በእሷ ላይ ተንጠልጥላ ሳለ፣ ዝም አለችኝ።

"የታለ ሰውዬው?" አለ መቶ አለቃው።

የጣውላዋን ሳጥን ከፈትኩ። በመንገዱ ንጠት ቀዩ ሽቦ ከድንጋዩ ራስ ተላቋል፤ በጣቴ ስይዘው ነካ ብሎ መልሶ ይላቀቃል። መሐሉን የሚሞላ ትንሽ ብረት ነገር ያስፈልገኛል። ዙሪያዬን ስቃኝ ጠረጴዛው ላይ የመቶ አለቃውን የሲጋራ ፓኮ አየሁ።

"ከፓኮው ውስጥ ያለችውን ብርማ ወረቀት ይስጡኝ" አልኩት። ከየት እንደመጣልኝ እንጃ፣ ለተማሪዎቼ በምናገርበት ድምፅ ነው ያልኩት።

አፍጥጦ አየኝ። ከዚያ ወረቀቷን ቀደደና ሰጠኝ። አጣጥፌ በሽቦውና በድንጋዩ መካከል ሸጎጥኳት።

"ጢጥ!"

በሩ ላይ ያለው ወታደር ወደ ኋላ ዘለለ። መቶ አለቃው ግን አንገቱን አሰገገ። ባለ ቆቡ ሰውዬ ቆሟል፤ ከላይ በግራ በኩል የመጀመሪያው ዳቦ መንከባለል ጀምሯል። ቀለብኩት። ሌላ መጣ፤ እሱንም ቀለብኩት። ሦስተኛው አመለጠኝ።

"አምጪያት እስቲ" አለ መቶ አለቃው። ወንበሩን ስቦ ተቀመጠ። ዳቦዎቹ ሲያመልጡት "ምጽ" ይላል፤ ሲቀልብ ከንፈሩን ይነክሳል። ፊቱ ላይ የነበረው ቁጣ ቀስ በቀስ ሲለቅ ስመለከት የራሴም ትንፋሽ ወደ ቦታው ተመለሰ።

"እኔም ልሞክር፣ ጓድ መቶ አለቃ?" አለ ወታደሩ።

"ሂድ ፍተሻህን ሥራ!"

ከዚያ ለማን እንደምወስዳት ጠየቀኝ። ስለ ወንድሜ፣ ስለ ዳሌው፣ ስለ ዝምታው ነገርኩት። ክፍለ ጦሩን ስነግረው መሣሪያዋን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠና በመስኮቱ ወደ ውጭ አየ።

"ይናገራል" አለኝ። "አትቸኩሉበት። እኔም ከግንባር ስመለስ እናቴን ለብዙ ጊዜ አላናገርኳትም።"

ከመሳቢያው የቁስል ፕላስተር አወጣ፤ ቆርጦ ሽቦውን ከድንጋዩ ጋር ራሱ ጠበቅ አድርጎ አሰረልኝ። ከዚያ መሣሪያዋን አስያዘኝና በሩን ከፈተልኝ።

ስወጣ ላንድሮቨሯ ትታኝ ሄዳለች ብዬ ነበር። አልሄደችም። ሹፌሩ ልንቀሳቀስ ሲል የአልዩ አምባው ሽማግሌ "ልጅቱን ጥዬ አልሳፈርም" ብለው ጎማው ሥር ቁጭ ብለው ኖሯል። ሲያዩኝ ተነሱ።

"ደህና ነሽ፣ ልጄ?"

"ደህና ነኝ፣ አባባ።"

"አልሐምዱሊላህ!" አሉና የጋቢያቸውን አቧራ አራገፉ። እስከ ጎረቤላ ድረስ ስስቅም ሳለቅስም እያዳመጡኝ ሄዱ።

ቤት ስደርስ መሣሪያዋን ወንድሜ ደረት ላይ አስቀመጥኩለት። "ጢጥ" ስትል ሰውነቱ ድንግጥ አለ፤ ክፉ ነገር ያስታወስኩት መስሎኝ ልወስዳት እጄን ዘረጋሁ። እሱ ግን ያዛት። ሳጥኗን አገላበጠ፤ ፕላስተሩን ዳሰሰ።

"ማን ነው እንዲህ ያሰራት?" አለ።

ከሆስፒታል ከወጣ ወዲህ የጠየቀን የመጀመሪያ ጥያቄ ነው። የሬዲዮ ጠጋኙንም፣ የመቶ አለቃውንም ነገርኩት። የሲጋራው ወረቀት ላይ ስደርስ አፉ ዳር ላይ አንድ ነገር ተንቀሳቀሰ። መጫወት ጀመረ። አንድ ዳቦ አመለጠው፤ ሌላም አመለጠው።

"ይሄ ሰውዬ እጁ የደነዘዘ ነው!" ብሎ ጮኸ። "እኔ ቀኝ እለዋለሁ፣ እሱ ግራ ይሄዳል! ያ የጆተኒ ሌባ ሆን ብሎ ነው እንዲህ አድርጎ የሠራት!"

እናቴ ከጓሮ ሮጣ መጣች። ጩኸቱን ሰምታ ክፉ ነገር የመጣ መስሏት ነው። ልጇ ትራሱን ደገፍ ብሎ ከአንዲት ብልጭልጭ ነገር ጋር ሲጣላ ስታይ፣ በሩን ተደግፋ እየተንሸራተተች መሬት ላይ ተቀመጠች። "ተመስገን" አለች፤ ደግማም አለች። እንድትነሳ እጇን ስይዛት፣ "ተይኝ፣ ትንሽ ልስማው" አለችኝ።

ድንጋዮቹ ሲደክሙ ፀሐይ ላይ እያሰጣቸው፣ ሲበረቱ እየመለሳቸው ለወራት ተጫወተባት። ጎረቤት ሁሉ ተራ እየጠበቀ ቀለበ። በኋላ መስታወቷ ጠቁሮ ሰውዬው አልታይ አለ፤ ማንም ግን እንደ ለቅሶ አላየውም። ያኔ ወንድሜ ራሱ ያወራ ነበርና።

ከሁሉ የማልረሳው ግን ሌላ ቀን ነው። በአንዱ ቅዳሜ ስደርስ አልጋው ባዶ ነው፤ ምርኩዙም የለም። ወደ ጓዳ ሮጥኩ።

"እማዬ! የት ሄደ?"

እናቴ ሽሮ እየነፋች ነበር፤ ቀና እንኳ አላለችም።

"ጸጉሬን ልስተካከል ብሎ ወጣ" አለችኝ። "ብርድ ነው፣ ኮፍያ ያዝ ብለው መች ይሰማኛል።"