ባለቤቱ ያልታወቀ ቤት

ቤቴን ባለቤት የለውም ብለው ግድግዳ ላይ ሰቀሉት። የተበደልኩት ይሄ ነው።

ቤቱ ከኮምቦልቻ ወደ ሐርቡ ሲኬድ ከመንገዱ በስተግራ ነበር። አሁን መጋዘን ነው። ያስነሡኝ ጊዜ ፊደል አልቆጠርኩም ነበር፤ አውራ ጣቴን ቀለም ነክረው ወረቀት ላይ አስጫኑኝ፣ ምን እንደሚል እስከ ዛሬ አላውቅም። ከዚያ ወዲያ ነው ሽበቴን ይዤ ማታ ማታ የተማርኩት። ለዕውቀት ብዬ አይደለም፤ ዳግመኛ እንዳልሞኝ ነው። ዛሬ ደሴ፣ ሆጤ፣ አንድ ክፍል ተከራይቼ እኖራለሁ።

አምና አንዲት ፍልስጤማዊት ሠዓሊ መጣች። ከቀዬአችን የተነሣነውን አዳራሽ ሰብስባ ከሰል አደለችን። «የለቀቃችሁትን ቤት ሳሉ» አለች። የምታስተረጉምላት ጅዳ ኖራ የተመለሰች የኛው ልጅ ናት። ሠዓሊዋ ዕድሜዋን ሙሉ የምትስለው የአያቷን ቤት ነው። አይታው ግን አታውቅም፤ የተወለደችው በስደት ነው።

«ያላየሽውን ቤት እንዴት ትስያለሽ?» አልኳት።

«አያቴ እየደጋገመ ይነግረን ነበር። በሩ ወዴት እንደሚከፈት እስከ ዛሬ ከአባቴ ጋር እንጣላበታለን።»

እኔም ሳልኩ። ቆርቆሮውን፣ የቁርቁራውን ዛፍ፣ ደጃፉ ላይ ዶሮ። አጠገቤ የተቀመጠው ሽማግሌ አንገቱን አስግጎ ዶሮዬን አየና፣ «አንተ፣ ግመልም ነበረህ እንዴ?» አለኝ። ሳቅን። ከሳቅሁ ቆይቼ ነበር።

ሠዓሊዋ በዓረብኛ የሆነ ነገር ጠየቀች። ልጅቷ ወደኔ ዞር ብላ፣ «ባለቤትስ፣ አባባ?» አለችኝ።

ከሰሉን አስቀመጥኩ። «አይታወቅም» አልኩ።

በወሩ ሥዕሎቹ ተሰቀሉ። የኔን ፈልጌ አገኘሁት። ከሥሩ ጽሑፍ አለ፤ ፊደል በፊደል አነበብኩት። ባ፣ ለ፣ ቤ፣ ቱ... «ባለቤቱ ያልታወቀ ቤት።» ማንበብ ባልችል ኖሮ ደስ ብሎኝ እሄድ ነበር።

«ማነው ይሄን የጻፈው?» ብዬ ጮህኩ። ልጅቷ እየሮጠች መጣች።

«አባባ፣ እርስዎ ነዎት እኮ ያሉት!»

«ወላሂ አላልኩም!»

«ብለዋል! ‹ባለቤትስ?› አልኩዎት፣ ‹አይታወቅም› አሉኝ።»

ያኔ ገባኝ። እኔ ስለ ሚስቴ የጠየቀችኝ መስሎኝ ነበር። ሚስቴ ቤቱ ሳይፈርስ ነው የሞተችው፤ ከቤታችን በላይ ካለው መቃብር ቀበርናት። ቤቱን የገፋው ዶዘር መቃብሩንም አብሮ ገፋው። ዱዓ ላድርግላት ብል በየት በኩል እንደምቆም አላውቅም። አይታወቅም ያልኩት የተቀበረችበትን ነው።

ልጅቷ ነገሩን ለሠዓሊዋ ነገረቻት። እሷም «የአያቴንም መንደር ሰው አልነበረበትም ነው ያሉት» አለችና ጽሑፉ እንዲነሣ ጠየቀች። የአዳራሹ ኃላፊ እንቢ አለ።

«አንዴ ታትሟል፣ ጋሼ። ደግሞስ ማስረጃ አለዎት?»

ማስረጃ! እሱ ከነጣቴ አሻራ ያለው ያስነሡኝ ሰዎች ጋ ነው። በየቀኑ እየሄድኩ ሥዕሉ ሥር ቆምኩ። ለሚመጣው ሁሉ፣ «ባለቤቱ እኔ ነኝ» እላለሁ። አንዳንዱ ሥዕሉን ትቶ እኔን ያያል።

በመጨረሻ ሰለቸኋቸው። ወረቀቱን ልጠው ነጭ ለጠፉ፤ ሠዓሊዋ እርሳሷን ሰጠችኝ። «የዚህ ቤት ባለቤት እኔ ነኝ» ብዬ ጻፍኩ። ፊደሌም እንደ ዶሮዬ ነው። ከሥሩ የሚስቴን ልጽፍ ደግሞ እጄን አነሣሁ። ምን ብዬ? የተኛችበትን ቦታ አላውቀው። እርሳሱን መለስኩላት።

የጻፍኩበትን ቀን ግን አውቀዋለሁ፤ ኅዳር ስምንት፣ ሐሙስ ቀን ነበር።