ገበያ ወጥታ የቀረችው ልጅ

በሃምሳዎቹ ዓመታት የድሮ የከተማ ፎቶግራፎች እየሰበሰብኩ፣ የተነሡት ሰዎች እነማን እንደሆኑ እየጠየቅሁ እመዘግብ ነበር። አንድ ቀን ከጠላት ወረራ በፊት የተነሣ የደብረ ብርሃን ገበያ ፎቶግራፍ ይዤ፣ እዚያው ከተማ አንዲት አሮጊት ቤት ገባሁ። ዓይነ ስውር ባላቸው ጋቢ ተከናንበው መደብ ላይ ተቀምጠዋል።

እማማ ፎቶግራፉን ወደ በሩ ብርሃን አስጠግተው እንዳዩት ጣታቸውን አንዲት ልጅ ላይ አሳረፉ።

«ልጄ ናት! ይህን ቀሚስ የለበሰችው ገበያ ወጥታ የቀረች ዕለት ብቻ ነው። እኔ አራስ ነበርኩ፤ እኚህ አባቷም አንኮበር ሄደው አልነበሩም።»

አሁን ሳስበው ያሳፍረኛል፤ እኔ ግን ስም ላገኝ ነው ብዬ እርሳሴን አወጣሁ።

«እጇን የያዛት ሰውዬስ ማን ይሆን?»

እማማ አጎንብሰው ብዙ አዩት።

«ማነው እሱ?» አሉ ባልየው ከመደቡ ላይ።

«አንተ ነህ» አሉ እማማ።