ሚካኤልን አክብሬ ተባርሬ፣ ሚካኤልን ረሳሁት

«ክስህን አንስተሃል?» አለኝ የወረታው ዳኛ። «አዎ ጌታዬ፣ መዝገቡ ይዘጋልኝ» ስል ልቤ ጎንደር ገብቶ ነበር።

ዛሬ ኅዳር ሚካኤል ነው። የልጅ ልጄ «አለቃዬ አይፈቅድልኝም» ብሎ ጠዋት ወደ ሥራ ሲሮጥ ሳየው ነው ይኼ ትዝ ያለኝ።

በ1950ዎቹ ፎገራ ሜዳ ላይ መንገድ ሲሠራ ድንጋይ እፈልጥ ነበር። ሰኔ ሚካኤልን አክብሬ ብቀር፣ አለቃችን ካቦው በማግሥቱ «ሁለተኛ እንዳላይህ!» ብሎ አባረረኝ።

ወደ ሥራዬ እንዲመልሰኝ ወረታ ፍርድ ቤት ከሰስሁት። ሜዳው በውኃ ተሞልቶ እስኪጎድል ድረስ ግን ቀጠሮ ብቻ ሆነ።

ከዚያ ጎንደር የሠራተኛ አቤቱታ የሚሰማ ቢሮ አለ ሲሉኝ አላስቻለኝም። አባቴ «ትንሽ ታገሥ» ቢሉኝ፣ ማን ሰምቷቸው! መዝገቡን አዘግቼ በዚያው ቀን የእህል መኪና ላይ ወጣሁ።

በማግሥቱ ስደርስ ቢሮው ዝግ ነው። በር ላይ የተቀመጡትን ሽማግሌ ዘበኛ «ምነው አባባ፣ ሰው የለም?» አልኋቸው።

ከላይ እስከ ታች አዩኝ። «አንተ ክርስቲያን አይደለህም እንዴ? በኅዳር ሚካኤል ማን ይሠራል?»

ለካ በጥድፊያዬ ቀኑን ረስቼዋለሁ!

አፍሬ፣ ሰኔ ሚካኤልን አክብሬ መባረሬን ነገርኋቸውና፣ «እንግዲያው አባባ፣ ይችን ቃል ነገ የቢሮው ሹም ፊት ይድገሙልኝ» አልኋቸው።

ሳቁብኝ። በማግሥቱ ግን ደገሙልኝ፤ እኔም ወደ ሥራዬ ተመለስሁ።

እናንተስ በዓል አክብራችሁ ከአለቃ የተጣላችሁ አላችሁ? ጻፉልኝ። የልጅ ልጄ ሲመለስ አነብለታለሁ፣ እንደ አያቱ ካልቸኮለ።