እሜቴ አይነካም

ሙዚየም ጠባቂ ናት። ሥራዋ ሁሉ «አይነካም!» ማለት ስለነበር ባልደረቦቿ «እሜቴ አይነካም» ይሏታል። የልጇ ዓይን ከጠፋ ወዲህ ግን ዓይነ ስውራን ቅርሱን በእጃቸው እንዲያዩ አለቃዋን ደጅ ጠንታ ለአንድ ቀን አስፈቀደች።

«አንድ ነገር ቢፈጠር፣ ሁለተኛ አይታሰብም» አላት።

መጀመሪያ የገቡት አሮጊት የአንድ የድንጋይ ሐውልት ፊት ዳብሰው እጃቸውን ሰበሰቡ። «ልጄ፣ ይሄ ይተነፍሳል እኮ!»

«እማማ ደግሞ! ድንጋይ እኮ ነው» ብላ ስቃ፣ እሷም ለመጀመሪያ ጊዜ ነካችው። ትንፋሹ መዳፏን አሞቀው።

«ሰላም ነው?» አለ አለቃው ከበር ላይ።

ልጇ ተራዋን ይዛ ቆማለች።

«ሰላም ነው ጌታዬ።» ወደ ድንጋዩ ጆሮ ጎንበስ አለች። «አደራህን፣ ልጄን እንዳታስደነግጥብኝ።»

ልጅቷ ፊቱን ዳብሳ እስክትጨርስ በአዳራሹ የማንም ትንፋሽ አልተሰማም።